ዘጠኙም የአባቴ ናቸው

እስከ አሥራ አንድ ዓመቴ ድረስ አባቴ ዋንጫ ያመጣ ሰው ይመስለኝ ነበር። ማንም እንዲህ ብሎ አልነገረኝም። በገዛ ዓይኔ ካየሁት ተነስቼ ራሴ የደረስኩበት ነው። አሁን ሃምሳ ዓመቴ ነው፤ መምህርት ነኝ፤ ዓይንም አንዳንዴ እንደሚያሳስት አውቃለሁ። ቢሆንም ያኔ ያየሁትን እንዳየሁት ነው የምነግራችሁ፤ ማን እንደተሳሳተ መጨረሻ ላይ እናንተው ትፈርዳላችሁ።

አባቴ አውሰን ይባላል። ኤደን ከተማ፣ መዓላ ወደብ ላይ ገመድ ተቀባይ ነበር። መርከብ ሲጠጋ ከላይ የሚወረወረውን ገመድ አየር ላይ ቀልቦ ጎትቶ ከወደቡ ብረት ጋር የሚያስር ሰው ነው። መዳፉ ሻካራ ስለነበር ጉንጬን ሲዳብሰኝ ይፍቀኛል። በእነዚያው እጆቹ ነው የብሔራዊ ቡድኑ በረኛ የሆነው። ያኔ እኛ ደቡቦቹ የራሳችን መንግሥት፣ የራሳችን ዲናር፣ የራሳችን ቡድን ነበረን፤ ሰሜኖቹም የራሳቸው። የመን ሁለት መሆኗ ለእኔ ሰው ሁለት ዓይን እንዳለው ያለ ነገር ነበር፤ ለምን ብዬ ጠይቄ አላውቅም።

ሰባት ዓመት በሞላኝ ዓመት ቡድናችን ለትልቁ ዋንጫ አለፈ። ውድድሩ በረዶ የሚጥልበት ሩቅ አገር ነበር። እናቴ ሸፊቃ የሱፍ ካልሲ ፍለጋ ሠፈራችንን ክሬተርን ከዳር እስከ ዳር አሰሰችው። በኤደን ሙቀት የሱፍ ካልሲ የሚሸጥ ሰው ካለ እሱ እብድ ነው፤ ግን እናቴ አንድ መርከበኛ ለምና አገኘች። አባቴ ካልሲውን በሻንጣው፣ እኔን በትከሻው አድርጎ እስከ አውቶቡሱ ወሰደኝ። ከዚያ ሄደ።

ጨዋታው በሬዲዮ የተላለፈ ቀን ወንዶቹ ሁሉ ጉብራን ሻይ ቤት ተሰበሰቡ። ጉብራን የሠፈራችን ሽማግሌ ነው፤ በወተት የፈላ ሻዩን ለመጠጣት ከሲራ ዓሣ ገበያ ድረስ ሰው ይመጣል። ሕፃን አይገባም ስላሉኝ መስኮቱ ሥር ቆምኩ። መጀመሪያ ጫጫታ ነበር። ቀጥሎ ጫጫታው እየቀነሰ ሄደና የሬዲዮው ሰውዬ ብቻውን የሚጮኽ ሆነ። በመጨረሻ ወንዶቹ አንድ በአንድ፣ አንገታቸውን ደፍተው፣ ጫማቸውን እየጎተቱ ወጡ። በሕይወቴ ትልልቅ ወንዶች እንዲህ ጸጥ ሲሉ ያየሁት ቁርኣን ሲቀራ ብቻ ነበር። አንድ ትልቅ ነገር ተደርጓል፣ አባባ አድርጎታል ብዬ እየዘለልኩ ወደ ቤት ሮጥኩ። ከሁሉም አፍ የሰማሁት አንድ ቃል ነበር፤ ዘጠኝ።

በማግስቱ ጠዋት ጎረቤቶቻችን በትሪ በትሪ ምግብ ይዘው መጡ። ቅመም የጠጣ ሩዝ በሥጋ አለ፣ ዓሣ በቲማቲም አለ፣ ትኩስ የተጠበሰ ኸሚር ቂጣ አለ። ድግስ ነው አልኩ። ዘጠኝ ያገባ ሰው ቤት ድግስ ባይደረግ ነው የሚገርመው። እናቴ ግን በሩ ላይ እጇን ዘርግታ ቆመች።

"ማን ሞተ?" አለች።

"ኧረ ማንም አልሞተም፣ የነጅላ እናት" አለች በእኔ ስም እየጠራቻት ከሁሉም ፊት የነበረችው ወፍራሟ ጎረቤታችን። "ሐዘናችሁ ሐዘናችን ነው ብለን ነው።"

"ባሌ ነገ በአውሮፕላን ይመጣል። የገባው ዘጠኝ ኳስ ነው፤ ዘጠኝ ጥይት አይደለም። ትሪያችሁን ያዙና ሂዱልኝ።"

እኛ ዘንድ ሰው የሞተበት ቤት ሦስት ቀን እሳት አይነድበትም፤ የሚያበላው ጎረቤት ነው። ይህን በኋላ ነው ያወቅኩት፤ እስከዚያ ድረስ በቤታችን ማንም ሞቶ አያውቅም። ሴቶቹ ክፋት አልነበራቸውም ይሆናል። እናቴ ግን በሕይወት ያለ ባሏ ሲለቀስለት የምታይ ሴት አልነበረችም። ምድጃችንን ከጓዳ አውጥታ ደጃፉ ላይ፣ መንገዱ ላይ ማለት ይቻላል፣ አስቀመጠችው። ፀሐይ አናት በሚበሳበት ሰዓት እሳት አንድዳ ሽንኩርት መክተፍ ጀመረች። ጭሱ መንገዱን ሞላው። ሰው ሁሉ እንዲያየው ነው ያደረገችው። እኔ ግን ስለ ሩዙ አለቅስ ነበር፤ ያን የመሰለ ድግስ መልሳ ለደረቅ ባቄላ የዳረገችን ክፉ ሴት ናት ብዬ እስከ ማታ አኮረፍኳት።

አባቴ መጣ። ዋንጫውን ፈልጌ ሻንጣውን በረበርኩ። ካልሲው፣ መላጫው፣ አንድ ጥቅል ፒስታቺዮ፣ አንድ አረንጓዴ ማልያ። የሱፍ ማልያ ነው፤ እጀ ሙሉ፣ ጀርባው ላይ የአገራችን ስም፣ ከስሙ በታች አንድ ቁጥር።

"ዋንጫውስ?" አልኩት።

እናትና አባቴ ተያዩ። "ለሁሉም አልደረሰም፣ ልጄ" አለኝ። እኔም መንግሥት ቤት አስቀምጠውታል ብዬ ተውኩት።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት በራችን መያዣ ላይ ዘጠኝ ዓሣ በገመድ ተሰክቶ ተንጠልጥሎ ተገኘ። እኩል እኩል የሆኑ፣ ዓይናቸው የሚያበራ። ያንጠለጠለው ሻውቂ ነው። ሻውቂ የሲራ ዓሣ ነጋዴ ነው፤ ቀይ ጢም ያለው፣ ድምፁ ከገበያው ጫፍ እስከ ጫፍ የሚሰማ። አባቴን "ዘጠኜ" ብሎ መጥራት የጀመረው እሱ ነው። እኔ ማዕረግ ነው ብዬ ስለነበር ለጓደኞቼ ሁሉ አባቴ ዘጠኜ ተብሎ ተሾመ ብዬ ነግሬያለሁ።

አባቴ ገመዱን ፈታ። የአንዱን ዓሣ ስንጥብ ገልጦ አሸተተ። "ትኩስ ናቸው። ጥበሽልን" አለ።

"አውሰን፣ ይሄ እኮ ስድብ ነው" አለች እናቴ ድምጿን ዝቅ አድርጋ።

"አውቃለሁ። ምን ላድርገው፣ ልቅበረው? ጥበሽው።"

ዘጠኙንም በላን። አባቴ አጥንቱን ሳይቀር ለቀመ። እኔም ሲሰጡን ማመስገን ተምሬ ያደግኩ ልጅ ነኝና በማግስቱ እናቴ ገበያ ስትወስደኝ እጇን ለቅቄ ሻውቂ ፊት ቆምኩ። ዙሪያው ገዢ ሞልቷል።

"አጎቴ ሻውቂ" አልኩት ጮክ ብዬ፣ "ዓሣው በጣም ጣፍጦናል። አባባ ጨረሰው። ሎሚ ብቻ ነው የጎደለው።"

ገበያው በሳቅ አለቀ። በኔ የሳቁ መስሎኝ ፊቴ ጋለ። ሻውቂ ግን ከጢሙ በላይ ቀልቶ ቢላዋውን እንደያዘ ቀረ። "እቺ ልጅ የማን ናት?" አለ እያወቀኝ። "የአውሰን ናት" አለው አንድ ሽማግሌ፣ "እስቲ ሎሚም ጨምርላት፣ ከጀመርክ አይቀር።" ሻውቂ ከሣጥኑ ሁለት ሎሚ አውጥቶ ሳያየኝ ሰጠኝ። ዓይን አፋር ነው ብዬ ወደድኩት።

በዚያው ሳምንት ጓድ ሙሕሲን ቤታችን መጣ። ከስፖርት ኮሚቴው ነው፤ በብብቱ ፋይል፣ በኪሱ ሦስት እስክሪብቶ። እናቴ ሻይ አቀረበችለትና ከመጋረጃው ጀርባ ቆመች፤ እኔ ከቀሚሷ ጀርባ።

"ጓድ አውሰን፣ ለጊዜው ዕረፍት ይገባሃል ተብሏል" አለ።

"ማን አለ?"

"ተብሏል። ደግሞ ማልያውን ትመልሳለህ። የሕዝብ ንብረት ነው።"

አባቴ ሻዩን ጠጥቶ ጨረሰ። ጓድ ሙሕሲን እስክሪብቶ አውጥቶ ከፈተ፤ ከደነ፤ መልሶ ከፈተ።

"የሕዝብ ከሆነ ሕዝቡ መጥቶ ይውሰደው" አለ አባቴ በመጨረሻ። "ዓርብ ዓርብ ከዐሱር ሶላት በኋላ ሸምሳን ተራራ ሥር ያለው ሜዳ ላይ በር ላይ እቆማለሁ። ዘጠኝ ሪጎሬ መትቶ ዘጠኙንም ያገባብኝ፣ ማልያው የእሱ ነው። ላንተ ግን አልሰጥም።"

"ሰውየው፣ አሁን ያለውስ ውርደት አይበቃህም?"

"እሱማ ደርሶብኛል። ከዚያ ወዲያ የት ያደርሰኛል? አንተም ከፈለግህ ሰልፍ ያዝ፣ ጓድ።"

እንግዲህ ዓርብ ማለት ምን እንደሆነ ልንገራችሁ። ያኔ ጫት የሚፈቀደው በሳምንት ሁለት ቀን ብቻ ነበር፤ ሐሙስና ዓርብ። ዓርብ ከሰዓት አንድ የኤደን ወንድ ከጫቱ ላይ ተነስቶ ሌላ ቦታ ይሄዳል ማለት የማይሆን ነገር ነው። እኔ ግን ክሬተር በሞላ የጫት ጥቅሉን ብብቱ ሥር ሸጉጦ፣ ጉንጩ አብጦ፣ ሜዳው ላይ ሰልፍ ሲይዝ አይቻለሁ። ይህ ሁሉ ሰው አባቴን ሊያከብር የመጣ መሰለኝ። ሌላ ምን ይምሰለኝ? ወደብ ሠራተኛው፣ ፖሊሱ፣ ዳቦ ጋጋሪው፣ ሁሉም ተራ ጠብቆ አባቴ ፊት ይቆማል፤ ኳስ ያስቀምጣል፤ ይመታል። ከጨዋታው ያመጣው ዘጠኝ ላይ ለመድረስ ይሞክራሉ፤ አይደርሱም፤ አዝነው ይሄዳሉ። እኔ እንደዚያ ነበር የማየው።

እውነቱን ዛሬ አውቃለሁ። ሊስቁበት ነው የመጡት። በሩ ከመርከብ ቧንቧ የተተከለ ነበር፤ መረብ የለውም፤ ያለፈው ኳስ ድንጋዩ ሥር ይቀራል። አባቴ በዚያ ሙቀት ያንን የሱፍ ማልያ እስከ አንገቱ ለብሶ ይቆማል። ላቡ ከክርኑ ይንጠባጠባል። እኔ ቋሚው አጠገብ የዘይት ቆርቆሮ ላይ ተቀምጬ እንደ ልዕልት እግሬን አወናጭፋለሁ።

"ዘጠኜ፣ በሩን ዝጋው እንጂ፣ ነፋስ ይገባል" ይለዋል አንዱ።

"ነፋሱ አንተ ነህ? ና ግባ።"

ይመታል። አባቴ ይይዘዋል። "ቀጣይ" ይላል።

"ሰሜኖቹ ቢሆኑስ ስንት ይገባባቸው ነበር?" ይላል ሌላው።

"እነሱማ መቼ ሄዱና። ቤቱ ቁጭ ያለ ሰው ምን ይገባበታል? እኔ ሄጃለሁ። ትመታለህ ወይስ ታወራለህ?"

አንዱ አራት አግብቶ አምስተኛውን ያጣል። ሌላው በመጀመሪያው ይቀራል። ዳቦ ጋጋሪው ሰባት አግብቶ ስምንተኛውን ተራራው ላይ ሰቀለው፤ ኳሱን ለማውረድ ፍየል ጠባቂ ተለመነ። አምስተኛው ዓርብ ላይ ሳቁ ቀነሰ። ሰባተኛው ላይ አንዳንዶቹ "ጎበዝ አውሰን" ማለት ጀመሩ። እኔ ከመጀመሪያውም ጎበዝ እንደሆነ ስለማውቅ ምን አዲስ ነገር አለ ብዬ ተናድጄባቸዋለሁ።

አሥራ አንደኛው ዓርብ ላይ ሻውቂ መጣ። እስከዚያ ቀን ከዳር ሆኖ ከመጮኽ በቀር ተራ ይዞ አያውቅም። እናቴም ለመጀመሪያ ጊዜ መጥታ ከሴቶች ጋር ድንጋዩ ላይ ተቀምጣ ነበር። ሻውቂ ሽርጡን ወደ ላይ ሰብስቦ አሠረ፤ ጫማውን አወለቀ። በወጣትነቱ የታወቀ ግራ እግር አጥቂ እንደነበር፣ ለቡድኑ ሲመረጥ በመጨረሻው ቀን ስሙ እንደተሠረዘ ያኔ አላውቅም። እኔ ዓሣ የሰጠን ቸሩ ሰውዬ አሁን ደግሞ ሊጫወት መጣ ብዬ አጨበጨብኩለት።

አንድ አገባ። ሁለት። ሦስት። በግራ እግሩ ከታች ከቋሚው ጎን ጎን ይሰካቸዋል፤ አባቴ ይወረወራል፣ አሸዋ ይበላል፣ ይነሳል። ስድስት። ሰባት። ስምንተኛው የአባቴን ጣቶች ጫፍ ነክቶ አለፈ። ሰዉ ማኘክ አቆመ። አሁን የቀረው አንድ ነው። ሻውቂ ኳሱን አስቀመጠና ብዙ ጊዜ ጎንበስ እንዳለ ቆየ። ቀና ሲል ፊቱ ሌላ ሆኖ ነበር። ሮጦ መጣና ኳሱን በቀስታ፣ ሕፃን እንደሚጫወትበት አድርጎ፣ በቀጥታ ወደ አባቴ እግር ሰደደው።

ሰዉ በጩኸት ተነሳ። "ያዘው፣ ያዘው" ተባለ። እኔም ከቆርቆሮዬ ዘልዬ ወረድኩ። አባቴ ግን ኳሱን በጫማው አቁሞ መልሶ ወደ ሻውቂ ገፋው።

"ደግመህ ምታ" አለው።

ሻውቂ ቀረብ ብሎ መጣ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ የተናገረውን እኔና አባቴ ብቻ ነን የሰማነው። "የነጅላ አባት፣ ሰው እያየ ነው። ኳሷን ውሰዳትና በቃ።" የነጅላ አባት ብሎ ሲጠራው ያን ቀን የመጀመሪያው ነበር።

"ሰጠኸኝ እንጂ አልያዝኩም" አለ አባቴ። "እዚያ በረዶው ላይ አንድም ሰው አልማረኝም። አንተም አትማረኝ። ዘጠነኛውን እንደ ስምንተኛው አድርገህ ምታ፤ አለዚያ ማልያውን እዚሁ አቃጥዬ ነው የምሄደው።"

ሻውቂ ወደ ኋላ ሄደ። ኳሱን ሳያስተካክል መታው። አባቴ ወደ ቀኙ ሙሉ ለሙሉ ተዘርግቶ ወደቀ፤ እጁ ደርሶበት ነበር፤ ኳሱ መዳፉን ገርፎ፣ ቋሚውን ነክቶ ገባ።

አባቴ ተነሳ። አሸዋውን ከፊቱ ጠረገ። ማልያውን በአናቱ አወለቀ፤ ውኃ ውስጥ የገባ ይመስል ነበር። ጨመቀው፣ እጅጌዎቹን ወደ ውስጥ አጠፈ፣ እናቴ ልብስ እንደምታጥፈው አድርጎ አጠፈና በሁለት እጁ ለሻውቂ ሰጠው። ሻውቂም በሁለት እጁ ተቀበለ። አባቴ በካናቴራ ብቻ ሆኖ እኔን ትከሻው ላይ አስቀመጠኝና በሰዉ መሐል ወደ ቤት መንገድ ጀመረ። ሰዉ መንገድ ለቀቀለት። እናቴ ከኋላችን ራሷን ቀና አድርጋ ትከተላለች።

"አባባ፣ ለዘጠኝ ዓሣ ማልያ መስጠት አልበዛም?" አልኩት በመንገድ ላይ።

እስኪንገዳገድ ድረስ ሳቀ። "አልበዛም፣ ልጄ። ሎሚም ሰጥቶናል" አለኝ።

ከዚያ ቀን በኋላ ዘጠኜ ብሎ የጠራው ሰው አልሰማሁም። ጓድ ሙሕሲን ማልያውን ሊወስድ ሲራ ድረስ ሄዶ ነበር አሉ። ሻውቂ ዓሣ እያጸዳ፣ "ሕዝቡ ወስዶታል ብለህ ጻፍ። ሕዝቡ እኔ ነኝ" አለው። ብሔራዊ ቡድኑ አባቴን ዳግመኛ አልጠራውም። እሱ ግን ለወደቡ ቡድን እስከ አርባ ዓመቱ ተጫወተ፤ እየተናደደ፣ እየጮኸ፣ እየያዘ።

አሥራ አንድ ዓመቴ ላይ ትምህርት ቤት "የምኮራበት ሰው" የሚል ድርሰት ጻፉ ተባልን። አባቴ ዘጠኝ ለዜሮ አሸንፎ ዋንጫ እንዳመጣ ጽፌ ለክፍሉ አነበብኩ። አንድ ልጅ ከኋላ ፈነዳ፤ ከዚያ ሁሉም። መምህሯ ደብተሬን በቀስታ ዘጋችው፤ ከሳቁ ይልቅ የገደለኝ እሱ ነው። ቤት ደርሼ ደብተሩን አባቴ ፊት ወረወርኩት። አነበበው። ሁለቴ አነበበው።

"ዘጠኙ ልክ ነው" አለኝ። "ዜሮውም ልክ ነው። ቦታቸውን ብቻ ነው ያለዋወጥሽው።"

"ለምን አልነገርከኝም?"

"ደስ ብሎሽ ነበርና። ምን ልበልሽ?" ደብተሩን መለሰልኝ። "አሁን ታፍሪብኛለሽ?"

አላውቅም አልኩት። አፍሬ ነበር፤ ምን እዋሻለሁ።

"እኔ አላፍርም። ዘጠኙም ፊት ለፊት ነው የገቡብኝ። ጀርባዬን ሰጥቼ የገባብኝ አንድም የለም። ይህን ጻፊ፣ ድርሰቱን አስተካክዪና።" አስተካክዬ ጻፍኩ። መምህሯ ከሃያ አሥራ አራት ሰጠችኝ።

ከዚያ ሁለቱ የመኖች አንድ ሆኑ። አባቴ መንገድ ላይ ወጥቶ ጨፈረ፤ እኔም እልል አልኩ። ሁለቱ ቡድኖችም አንድ ሆኑ። አራት ዓመት ሳይሞላ ጦርነት ሆነና ክሬተር ተዘረፈች። ቤታችን ስንመለስ በሩ የለም። የአባቴ ፎቶዎች፣ የቡድኑ ደብዳቤዎች፣ ፓስፖርቱ፣ ያ የሱፍ ካልሲ ሳይቀር፣ ሁሉም ሄደ። እናቴ፣ አላህ ይማራትና፣ ባዶው ቤት መሐል ቆማ ምድጃዋን ነበር የምትፈልገው።

ባለፈው ጥር አንድ የሆነው ቡድናችን ትልቁ ዋንጫ ላይ ተጫወተ። ሻይ ቤቱን አሁን የያዘው የጉብራን ልጅ ነው። መብራት ስለሌለ ጄኔሬተር አስነስቶ ቴሌቪዥኑን ደጅ አውጥቶ ሰቀለው። ሰባ ሁለት ዓመት የሆነውን አባቴን እጁን ይዤ ከፊት ወንበር አስቀመጥኩት። ቡድኑ ሲገባ ወጣቶቹ ጮኹ፤ አባቴም አጨበጨበ፤ ልጆቹን ወዷቸዋል። በዚህ መሐል የቴሌቪዥኑ ሰውዬ ተናገረ። የመን በታሪኳ ለመጀመሪያ ጊዜ በዚህ መድረክ ላይ ቆመች አለ።

አባቴ ማጨብጨቡን አቆመ። "ምን አለ?"

"ለመጀመሪያ ጊዜ አለ፣ አባባ" አለው አጠገቡ ያለው ወጣት።

"ዘጠኝ ጎል ሲገባብኝ ታዲያ የት ነበርኩ?"

ወጣቱ ስልኩን አውጥቶ ፈለገ። "እዚህም የለም፣ አባባ። የተቆጠረው በሰሜኑ ስም የተጫወቱት ብቻ ነው። የናንተን ዘለውታል።" ከዚያ ሊያጽናናው ፈልጎ ሳቅ አለ። "ዘጠኝ ለዜሮ ከጠፋልህማ ተገላገልክ። ደስ ይበልህ እንጂ።"

አባቴ ተነሳ። ወንበሩን ተደግፎ ቆመ። "ማን ነው ያጠፋልኝ? ጠይቄዋለሁ? ዘጠኝ ጊዜ ኳሱን ከመረብ ያወጣሁት እኔ ነኝ። አርባ ሁለት ዓመት ተሸክሜዋለሁ። ስሙኝ፣ ዋንጫ ቢወስዱብኝ እተወው ነበር፤ ሽንፈቴን ግን ማንም አይወስድብኝም።" ወደ እኔ ዞረ። "ነጅላ፣ ሻውቂን ጥሪልኝ።"

ሻውቂን ልጁ በሞተር ሳይክል አመጣው። ጢሙ ነጭ ሆኗል፤ ድምፁ ግን ያው ነው። በእጁ የላስቲክ ከረጢት ይዟል። ማልያውን ጦርነቱ ጊዜ ከበረዶ ሣጥኑ ሥር፣ ከዓሣው በታች ደብቆ ነው ያተረፈው፤ ያን ሰሞን የደቡቡን መንግሥት ስም የያዘ ነገር ቤቱ የተገኘበት ሰው ምን እንደሚደርስበት ሁላችንም እናውቃለን። ከረጢቱን ሲከፍተው የዓሣው ሽታ ከሻዩ ሽታ በላይ ሆነ። አረንጓዴው ደብዝዟል። ጀርባው ላይ ግን የዚያች አገር ስም ፊደሉ ሳይጎድል አለ። ስልክ የያዘው ወጣት ጣቱን ዘርግቶ ፊደሎቹን ነካቸው። ሳቁ ጠፋ።

"ውሰደው እንግዲህ፣ የነጅላ አባት" አለ ሻውቂ። "በቃኝ፣ ጠበቅኩልህ።"

"ያንተ ነው። ዘጠኝ አግብተህብኛል።"

"ለዛሬ ብቻ ልበሰው።"

"አትማረኝ ብዬሃለሁ" አለ አባቴ። "አንተ ልበሰው።"

ሻውቂ አጉረመረመ፣ ተሳደበ፣ ለበሰው። ሆዱ ላይ ተወጥሮ እንብርቱ ታየ። አባቴ ትከሻው ላይ አስተካከለለትና ጀርባውን ወደ ሰዉ አዞረው፤ ፊደሎቹን ሁሉም እንዲያይ። ከዚያ ሁለቱም ቴሌቪዥኑ ሥር ጎን ለጎን ተቀመጡ። የጉብራን ልጅ ሻይ አመጣላቸው። የቴሌቪዥኑ ሰውዬ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚለውን ቃል አሁንም ይደጋግማል፤ እዚያ ደጅ ግን የሚሰማው አልነበረም።

"ጻፍ" አለው አባቴ ወጣቱን።

"የት ልጻፈው፣ አባባ?"

"እዚያ ስልክህ ላይ። የለም ካልክ ይኑር። ዘጠኝ ለዜሮ። በረኛ፣ አውሰን።"

ወጣቱ ጻፈ። "ጎሎቹ በስንተኛው ደቂቃ ገቡ?" ብሎ ጠየቀ፤ አያውቀውም ብሎ ነው።

አባቴ ሻዩን አስቀመጠ። ከመጀመሪያው ጀምሮ ዘጠኙንም በየደቂቃቸው ነገረው፤ አንዱንም አልዘለለም።